ከዓይኗ ሥር ያስቀመጥነው ኩባያ

ይህን ጽሑፍ የምናቀርብላችሁ ሐኪሞች ወይም ዓሊሞች ሆነን አይደለም። በኮልፌ 18 ማዞሪያ አካባቢ ልጆች የምናሳድግ ባልና ሚስት ነን። የደረሰብንን ለመጻፍ ስንነሳ አስቀድመን ልጃችንን አስፈቀድናት። እርሷም «ስሜን አታንሱ እንጂ ጻፉት፤ ለእናንተ የማይመቸውንም አትዝለሉ» አለችን። ስለዚህ የምንዘለው ስሟን ብቻ ነው።

ልጃችን ሃያ ሦስት ዓመቷ ነው። ከዓይኖቿ ሥር ያለው ቆዳ ከሕፃንነቷ ጀምሮ ከቀረው ፊቷ ጠቆር ይላል። አባቷም እንዲሁ ነው፤ የአባቷ እናትም እንዲሁ ናቸው። በቤታችን ውስጥ ይህ ነገር እንደ ጉድለት ታይቶ አያውቅም ነበር፤ እንዲያውም አያቷ «ይህማ የኛ ማኅተም ነው» እያሉ ይስቁ ነበር። ጉድለት የሆነው ሽማግሌዎች መጥተው፣ ቃል ተሰጥቶ፣ ኒካሑ ለሸዋል ወር ከተቆረጠ በኋላ ነው። ከሙሽራው ወገን የሆኑ ሴቶች አንድ እሑድ ቡና ሊጠጡ ቤታችን መጡ። ልጃችን ረከቦቱን ይዛ ስታልፍ ከእንግዶቹ አንዲቱ ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ «ታማለች እንዴ? ዓይኗ ሥር ምነው እንዲህ ጠቆረ?» ብላ አጠገቧ ያሉትን ጠየቀች። ክፉ አስባ አልነበረም። ነገር ግን እንግዶቹ ሄደው ስኒው ከታጠበ በኋላም ያ ጥያቄ ከቤታችን አልወጣም።

ከዚያ ቀን ጀምሮ ቤታችን የመድኃኒት ቤት ሆነ ብንል ማጋነን አይሆንም። ዱባ የሚያህል ኪያር ተቆርጦ ዓይኗ ላይ ተደረገ፤ ድንች ተፍቆ ተደረገ፤ የቀዘቀዘ የሻይ ከረጢት ተደረገ። አክስቷ ከመርካቶ ምን እንደተጨመረበት የማይነበብ ቅባት ገዝታ አመጣችላት፤ በሁለተኛው ቀን ቆዳዋን ስላቃጠላት ጣልነው። ኩሏንም አስተውናት ነበር። (ይህ እንኳ ደግ ሳይሆን አልቀረም፤ በገበያ ከሚሸጡት የኩል ዓይነቶች አንዳንዱ እርሳስ የተባለው መርዛማ ማዕድን እንዳለበት ኋላ ተረድተናል።) ልጅቷ ራሷ በዚህ ሁሉ መካከል ዝም ብላ የታዘዘችውን ታደርግ ነበር። ድካም እንደሚሰማት፣ ደረጃ ስትወጣ ልቧ እንደሚመታ አንድ ሁለት ጊዜ ተናግራለች። እኛም «የሰርግ ጭንቀት ነው» አልናት።

በዚህ ጊዜ ነው አንዲት የሥራ ባልደረባዋ በስልክ ቪዲዮ የላከችላት። በቪዲዮው ላይ አንዲት የውጭ አገር ሴት ትንንሽ ኩባያዎችን ፊቷ ላይ እያስቀመጠች ስታነሣ ይታያል፤ «ከዓይን ሥር ያለውን ጥቁረት የሚያጠፋ ሒጃማ» የሚል ጽሑፍም አለበት። አንባቢያን ልብ በሉ፤ በሙስሊም ቤት ውስጥ ሒጃማ የሚለው ስም ሲነሣ ጥያቄ ይቀንሳል። ቅባቱ ከየት እንደመጣ፣ ማን እንደሠራው የጠየቅን ሰዎች ስለ ኩባያው አንድም ነገር አልጠየቅንም። ሱና ነው ብለን ነበርና።

በሰፈራችን ሒጃማ የምታደርግ አንዲት ሴት አለች። ሥራዋን የምትሠራው በቤቷ ነው፤ ንጹሕ ናት፤ ሰላቷን አክባሪ ናት፤ ለብዙ ጎረቤቶቻችን ጀርባና ትከሻ ሠርታ ያመሰገኗት አሉ። ስሟን አናነሣም፤ ወደፊት እንደምታዩት ጥፋቱ የእርሷ ብቻ አይደለምና። ቀኑንም የመረጥነው እኛው ነን። ከጨረቃ ወር 17ኛው፣ 19ኛውና 21ኛው ቀን ለሒጃማ የተመረጡ መሆናቸውን ከሐዲስ ሰምተናል፤ ስለዚህ የሻዕባንን 17ኛ ቀን ያዝን። ቀኑን እንዲህ ተጠንቅቀን ስንመርጥ ቦታውን ግን አልመረመርንም።

ሴትዮዋ ጓንት አጥልቃ፣ የልጃችንን ፊት በዘይት ቀባች። ኩባያዎቹ አሁን በየቦታው እንደሚሸጡት የፕላስቲክ ናቸው፤ በእጅ በሚሳብ ትንሽ ፓምፕ አየሩ ይወጣና ቆዳው ወደ ላይ ይሳባል። ትንሿን መርጣ ከግራ ዓይኗ በታች አስቀመጠቻትና ሁለት ጊዜ ሳበች። ቆዳው እንደ ሊጥ ተነፋ። ልጃችን የእናቷን እጅ አጥብቃ ያዘች። «ያማል?» ስንላት «ይወጥራል» አለች። ሴትዮዋም «መወጠሩ ደሙን ሲጠራ ነው» አለች፤ እኛም አመንን። ኩባያዋ አምስት ደቂቃ ያህል ቆየች፤ በቀኙም ዓይን እንዲሁ ተደረገ። ስምንት መቶ ብር ከፍለን፣ አመስግነን፣ ዱዓ ተደራርገን ወጣን።

ማታ ለመግሪብ ውዱእ ልታደርግ መስተዋት ፊት ስትቆም ጮኸች። ከሁለቱም ዓይኖቿ ሥር ክብ ክብ የሆነ፣ እንደ በለስ ልጣጭ የወየበ ምልክት ወጥቶ ነበር። ሴትዮዋ በስልክ «ይህ የተጠራቀመው መጥፎ ደም ነው፤ በሦስት ቀን ይጠፋል» አለችን። በሦስተኛው ቀን ወይን ጠጅ የነበረው ወደ አረንጓዴ ዞረ፤ በሳምንቱ ቢጫ ሆነ። በሁለተኛው ሳምንት ቢጫው ለቀቀና ቡናማ ክብ ቀረ። ያ ቡናማ ክብ ግን ወዴትም አልሄደም። ከዚያ በፊት ጠቆር ያለ ጥላ ብቻ የነበረው ቦታ አሁን በኮምፓስ የተሣለ ይመስል ነበር። ልጃችን ሥራ ስትሄድ መነጽር አጠለቀች፤ ቤት ስትገባ ወደ ክፍሏ ትሄዳለች፤ እራት አብራን መብላት ተወች። ኒካሑ ስድስት ሳምንት ቀርቶት ነበር።

እኛም እንደገና ወደዚያችው ሴት ተመለስን። ወዴት እንሄዳለን? እርሷም አይታት «የልጅቷ ደም ወፍሯል፤ በዝቷልም፤ ጀርባዋ ላይ በምላጭ ጫር ጫር አድርጌ መጥፎው ደም ይውጣላት፤ ያኔ ፊቷም ይጠራል» አለች። ለማግሥቱ ተቀጣጠርን። ይህን ስንጽፍ እጃችን ይከብደናል፤ ምክንያቱን ወደ ታች ስትደርሱ ታገኙታላችሁ።

የከለከሉን አያቷ ናቸው። እማማ ከወሎ፣ ከደሴ ወጣ ካለ ገጠር የመጡ ናቸው፤ ዕድሜያቸው ሰማንያን ሳያልፍ አይቀርም። ሒጃማ የሚለውን ቃል በወጣትነታቸው የሚያውቁት በዋግምት ስሙ ነው። አባታቸው የዋግምት ቀንድ ነበራቸው፤ ያ ቀንድ እስከዛሬ በእማማ ሣጥን ውስጥ አለ። ጫፉ የተበሳ፣ ጭስ የጠገበ የፍየል ቀንድ ነው። ሰፊው አፉ ሰውነት ላይ ይደረግና አዋቂው በጫፉ ቀዳዳ በአፉ ይስበዋል፤ ከዚያ ቀዳዳውን በሰም ይደፍነዋል። ለወገብ፣ ለትከሻ፣ ለቁርጥማት ይደረግ ነበር። እማማ ነገሩን ሰምተው ቀንዱን ከሣጥን አወጡና ፊታችን አስቀመጡት። «አባቴ በዚህ የስንቱን ጀርባ ሲስብ አይቻለሁ። ፊት ላይ ሲያስቀምጥ ግን አላየሁም። ዓይን ሥርማ ማን ደፍሮ!» አሉ። ቀጥለው ሻሻቸውን ከግንባራቸው ገፋ አድርገው ቅንድባቸውን አሳዩን። በሁለቱም ቅንድባቸው ላይ ትንንሽ ሰረዞች አሉ። እኛ እስከዚያ ቀን ድረስ የጌጥ ንቅሳት ይመስለን ነበር። «ዓይኔን ሲያመኝ ሰባት ዓመቴ ነበር። መጥፎ ደም ይውጣ ብለው በጡኝ። ዓይኔ ያው ታመመ፤ ጠባሳው ትርፍ ሆነ።»

ይህ የእማማ ብቻ ታሪክ አይደለም። ቅንድብ መብጣት በአገራችን እንጥል ከማስቆረጥና የወተት ጥርስ ከማስነቀል ጋር በጎጂ ልማዳዊ ድርጊትነት የተመዘገበ ነው። ይህን ሥራዬ ብሎ የያዘው ብሔራዊ ኮሚቴ፣ ኋላ የኢትዮጵያ ጎጂ ልማዳዊ ድርጊቶች አስወጋጅ ማኅበር የተባለው፣ እ.ኤ.አ. በ1987 ተቋቁሞ በ1997 አገር አቀፍ ጥናት አካሂዷል። በዚያ ዘመን ስለ ኤድስ በሬዲዮም በየአደባባዩም ሲነገር በጋራ ምላጭ መበጣት ክልክል መሆኑን ያልሰማ አልነበረም። እኛም ያደግነው ያንን እየሰማን ነው። ስሙ ብጣት ሲሆን ፈርተን የሸሸነውን፣ ስሙ ሲለወጥና ኩባያው ፕላስቲክ ሲሆን በገዛ እግራችን ሄደን ተቀበልነው። በምላጭ የሚደረገው ሁሉ፣ ምላጩ ለአንድ ሰው ብቻ ካልዋለና ኩባያው በአግባቡ ካልጸዳ፣ ኤች አይ ቪንም የጉበት ቫይረስንም ያስተላልፋል። ለዚህ የቀንድና የፕላስቲክ ልዩነት የለውም።

እማማ በመጨረሻ የተናገሩት ቃል ነው ሐኪም ቤት የወሰደን። «ይቺ ልጅ አፈር እያሸተተች ነው፤ እናንተ አላያችሁም» አሉ።

የምንኖርበት ኮልፌ ቀራንዮ ክፍለ ከተማ በዚህ በኩል ዕድለኛ ነው። ዘነበወርቅ የሚገኘው አለርት፣ እ.ኤ.አ. በ1965 ለሥጋ ደዌ ሕሙማንና ለባለሙያዎች ማሠልጠኛ የተቋቋመው ሆስፒታል፣ ዛሬ በአገሪቱ ከታወቁት የቆዳ ሕክምና ቦታዎች አንዱ ነው። ከየክፍለ ሀገሩ ሰው ለቆዳው ወደኛ ሰፈር ይመጣል፤ እኛ ግን ጎረቤቱ ሆነን የልጃችንን ቆዳ ይዘን ስልክ ላይ ስንፈልግ ከረምን። የምናውቀው ሰው ወደ አንድ የቆዳ ሐኪም መራንና ይዘናት ሄድን።

ሐኪሙ መጀመሪያ የተመለከተው ክቡን ምልክት አልነበረም። የታችኛውን የዓይን ቆብ በአውራ ጣቱ ዝቅ አድርጎ ውስጡን አየ፤ ከዚያ መዳፏን ገልብጦ አየ፤ ጥፍሯን አየ። «ይደክምሻል?» አላት። «አዎ» አለች። «ጸጉርሽ ይነቃቀላል?» «አዎ።» «በረዶ ወይም አፈር ያምርሻል?» ልጅቷ አንገቷን ደፋች። ዝናብ ሲጥል የአፈሩ ሽታ እንደሚያምራት፣ አንዳንዴም ከግቢ ቆንጥራ እንደምትቀምስ ነገረችው። አባቷ ከክፍሉ ሲወጣ ደግሞ የወር አበባዋ ስምንት ቀን እንደሚቆይና ብዙ እንደሚፈስሳት ለሐኪሙ ተናገረች። ይህን ለእናቷም ነግራ አታውቅም ነበር። ደም ተመረመረች። ሔሞግሎቢኗ 8.6 ሆኖ ተገኘ፤ እርጉዝ ላልሆነች ሴት የዓለም ጤና ድርጅት የደም ማነስ ወሰን ያደረገው 12 ነው።

እንግዲህ ደሟ በዝቷል ተብሎ በማግሥቱ በምላጭ ልናፈስሰው የተቀጣጠርነው ደም ይህ ነበር።

ሐኪሙ የነገረንን በአማርኛችን እንዲህ እናስረዳችኋለን። ከዓይን ሥር ያለው ቆዳ ከሰውነታችን ቆዳ ሁሉ እጅግ ቀጭኑ ነው፤ ከሥሩ የሚሄዱት ትንንሽ የደም ሥሮች ከበላዩ ይታያሉ። በአንዳንድ ቤተሰብ ደግሞ በዚያ ቦታ የቆዳው ቀለም ራሱ በተፈጥሮ ይበዛል፤ ይህ የእማማ ማኅተም ነው፤ በሽታም አይደለም። አለርጂ ያለበት ሰው ዓይኑን ሲያሽ ይጠቁራል፤ እንቅልፍ ያጣ ሰው ይጠቁራል፤ ዕድሜ ሲገፋ ጉንጭ ሲጎድል ጥላ ይጥላል። ልጃችንን በተመለከተ፣ ጥቁረቱን የወረሰችው ነው፤ ደሟ ሲያንስ ግን ፊቷ ስለገረጣ ያው ጥቁረት ጎልቶ ወጣ። በነጭ ግድግዳ ላይ ያለ ነጥብ እንደሚታየው ማለት ነው። ነጥቡ አልጨመረም፤ ግድግዳው ነጣ።

ኩባያው ያደረገውንም አስረዳን። ኩባያ ሲስብ የሚሰበስበው መጥፎ ደም አይደለም፤ ትንንሽ የደም ሥሮች ይበጠሱና የሰውየው የራሱ ጥሩ ደም ወደ ቆዳው ሥር ይፈስሳል። ያ ደም ሲፈርስ ነው ምልክቱ ወይን ጠጅ፣ ከዚያ አረንጓዴ፣ ከዚያ ቢጫ የሚሆነው፤ በደሙ ውስጥ የነበረው ብረትም ቡናማ ሆኖ ሊቀር ይችላል። ቆዳቸው እንደኛ ጠይም በሆነ ሰዎች ላይ ደግሞ ቆዳ ሲቆስል ወይም ሲበለዝ በቦታው ቀለም ይጨምራል። ስለዚህ ጥቁረትን ለማጥፋት የተቀመጠው ኩባያ ጥቁረት ሠራ። ሒጃማ ከዓይን ሥር ያለን ጥቁረት እንደሚያድን በሕክምና አልተረጋገጠም። ፊት ላይ ኩባያ የሚጠቀሙ ባለሙያዎችም እጅግ ለስላሳ የሆነውን መርጠው፣ ዘይት ቀብተው ያንሸራትቱታል እንጂ አስቀምጠው አይተዉትም፤ ከዓይን ቆብም ይርቃሉ። በቪዲዮው ላይ ያችም ሴት ታነሣ ነበር፤ እኛ ግን የማንሣቷን ፍጥነት አላስተዋልንም።

ውድ አንባቢያን፣ ከሐኪሙ ስንመለስ አንድ ሌላ ነገር አሳሰበን። ይህን የሰማ ሰው ሒጃማን ይንቅ ይሆን? እኛስ በውስጣችን ምን ቀረ? ስለዚህ ወደ አንድ የምናምናቸው ኡስታዝ ዘንድ ሄደን ነገሩን አቀረብን። እርሳቸውም ሳይቆጡን በቀስታ አስረዱን። ነቢዩ ሙሐመድ (ሰ.ዐ.ወ.) ሒጃማን ከፈውስ መንገዶች ጋር ማንሣታቸው፣ ራሳቸውም ማስደረጋቸው፣ ሒጃማ ላደረገላቸው ለአቡ ጠይባም ክፍያ መስጠታቸው በሶሒሕ ሐዲስ የተገኘ ነው፤ በዚህ ላይ ክርክር የለም። ነገር ግን የተደረገበት ቦታ ራስ፣ የአንገት ጎንና ጎን፣ በትከሻ መካከል፣ የእግር ጀርባ ነው እንጂ ከዓይን ሥር የሚል አላገኘንም አሉ። ከመደርደሪያቸውም የኢብኑል ቀይምን ዛዱል መዓድ አወጡ። እኒህ ዓሊም በ751 ዓመተ ሒጅራ ያረፉ ናቸው። በዚያ መጽሐፍ ውስጥ ለፊትና ለዓይን ሕመም የሚጠቅመው ሒጃማ ተነሥቷል፤ ኩባያው የሚቀመጠው ግን በአንገት ጎንና ጎን ነው። ለፊት ሌላም ቦታ ይጠቅሳሉ፤ እርሱም ከአገጭ በታች ነው። ከስድስት መቶ ዓመት በላይ በፊት የነበሩት ሊቅ ዓይን ሲታመም ከዓይን ርቀው ነበር የሚያክሙት። እማማም ቀንዳቸውን ይዘው የነገሩን ይህንኑ ነው፤ እማማ ግን ዛዱል መዓድን አላነበቡም።

ኡስታዙ የጨመሩልን አንድ ነገር እስከ ዛሬ ያስጨንቀናል። ሕክምና ሳያውቅ ያከመ ሰው ለጉዳቱ ተጠያቂ ነው የሚል ትርጉም ያለው ሐዲስ አለ። እኛ ይህን ስንሰማ ወዲያው ያሰብነው ሴትዮዋን ነበር። እርሳቸው ግን «እናንተስ? ሳታውቁ ያዘዛችሁት እናንተ አይደላችሁም?» አሉን። ባልና ሚስት ተያይተን ዝም አልን።

ወደ ሴትዮዋ የሄድነው ለመክሰስ አልነበረም። የደም ምርመራውን ወረቀት ይዘን ሄድን። አነበበችው፤ ቁጥሩን አልተረዳችውምና አስረዳናት። ሥልጠናዋ ሁለት ቀን እንደነበረ፣ ስለ ደም ማነስ ጠይቂ ያላት እንዳልነበረ፣ ስኳር ያለበትን፣ ደም የሚያቀጥን መድኃኒት የሚወስደውን፣ ነፍሰ ጡርን መለየት እንዳለባትም የሰማችው በኋላ ከሌላ ሰው እንደሆነ እያለቀሰች ነገረችን። ስምንት መቶ ብሩን ልትመልስ አወጣች። አልተቀበልንም። ትንሿን ኩባያ ግን ከዕቃዋ ውስጥ አውጥታ ሰጠችን፤ ፊት ላይ ዳግመኛ እንደማትሠራም ቃል ገባች። እስካሁን ባየነው ቃሏን ጠብቃለች። ጀርባ መሥራቷን አላቆመችም፤ እንድታቆምም አልጠየቅናትም። አሁን የሚመጣውን ሰው ሁሉ አስቀድማ ደምህን ተመርመር ትላለች፤ ይህን ስትል ደንበኛ እንደቀነሰባትም ሰምተናል። በሰፈራችን ስለ እርሷ በክፉ የሚናገር ካለ፣ ከእኛ የሰማው አይደለም።

ረመዷን ገባ። ሐኪሙ የብረት ክኒን አዝዞላት ነበር፤ እንዴት እንደምትወስደው ተማከርንና ማታ ከፈጥር በኋላ ሆነ። እዚህ ላይ ለእናቶች አንድ ነገር እንንገራችሁ፤ እኛ ፈጽሞ የማናውቀው ነበር። ቡናና ሻይ በምግብና በክኒኑ ውስጥ ያለው ብረት ወደ ደም እንዳይገባ ይይዙታል። በኛ ቤት ደግሞ ምግብ ሳይወርድ ቡና ይቀርባል፤ ልጆቻችንም ያደጉት በዚሁ ነው። ስለዚህ ቡናውን ከምግቡም ከክኒኑም ሁለት ሰዓት ያህል አራቅነው። በመጀመሪያው ሳምንት እማማ ከፈጥር በኋላ ቡና ሲዘገይ እንደ ሐዘን ቤት ሆነ ብለው አማረሩ፤ ኋላ ግን ራሳቸው ሰዓት ጠባቂ ሆኑ። ክኒኑን ሎሚ በተጨመቀበት ውኃ ትውጣለች፤ ሎሚ ብረቱ እንዲገባ ይረዳል። ሰገራ ስለሚያጠቁር አትደንግጡ። የወር አበባዋ መብዛትም በሴቶች ሐኪም ታይቷል፤ ሕክምናም ጀምራለች። ስለዚህ ከዚህ የበለጠ መጻፉ አይገባንም።

ፊቷን በተመለከተ ሐኪሙ የነገራት ጥቂት ነገር ነው። አትንኪው፤ አታሺው፤ ከፀሐይ ጠብቂው፤ ታገሺ። ወራት እንደሚፈጅ ነገራት። እኛ አንድ የተሻለ ቅባት ይኖር እንደሆን ስንጠይቅ ወደ እርሷ ዞሮ «አንቺስ ምን ትፈልጊያለሽ?» አላት። ልጃችን «ፊቴን እንዲተዉልኝ» አለችው። ይህን ያለችው ሁለታችንም አጠገቧ ተቀምጠን ነው።

አንድ ምሽት ከተራዊሕ ስንመለስ፣ በ18 ማዞሪያ የታክሲው ግርግር መካከል፣ ልጅቷ ቆም ብላ «የዚያን ቀን እንግዳዋ ታማለች እንዴ ስትል፣ ከሁላችሁ እውነቱን የጠየቀችው እርሷ ነበረች» አለችን። ምን እንበላት? እኛ ያንን ጥያቄ እንደ ስድብ ቆጥረን ጥቁረቱን ለማጥፋት ሮጥን። መልሱን ግን ከልጅቷ ራሷ አልጠየቅንም። «ይደክመኛል» ስትለን እንኳ ሰርግ ነው አልናት።

ኒካሑን እናራዝመው ብለን ለሙሽራው ወገን ሽማግሌ ልከን ነበር፤ ምክንያቱንም ሳንደብቅ ነገርናቸው። ሙሽራው መልሱን በወንድሙ በኩል የላከው በማግሥቱ ነው፤ «ክኒኗን እንዳታቋርጥ አደራ፤ ቀኑ ያው ነው» የሚል ነበር። ያቺ እንግዳ የነበረችው ሴትም ራሷ መጣች፤ ሁለት ኪሎ ብርቱካን ይዛ። ከልጃችን ጋር ጓዳ ገብተው ረጅም ጊዜ ቆዩ፤ ምን እንደተባባሉ አልነገሩንም።

የሸዋል ወር ኒካሑ ተፈጸመ፤ አልሐምዱሊላህ። ሒና የቀቡት ሴቶች ፊቷንም ዱቄት ቀብተው ክቡን ሊሸፍኑላት ፈልገው ነበር፤ አልፈቀደችም። በፎቶው ላይ ቡናማው ክብ በግልጽ ይታያል፤ በግራው ዓይን ከቀኙ ይብሳል። ፎቶው ሳሎናችን ውስጥ ተሰቅሏል። እንግዳ ሲመጣ «ይህ ምንድን ነው?» ይላል፤ እኛም ከላይ የጻፍነውን እንነግረዋለን። የዚህ ጽሑፍ መነሻም ያ ነው፤ ደጋግመን ስለነገርነው አንዲት እኅት «ለምን አትጽፉትም?» አለችን።

በሙሐረም ወር ዳግመኛ ስትመረመር ሔሞግሎቢኗ 12.3 ሆኖ ነበር። ሐኪሙ ክኒኑን ገና አታቁሚ፤ የተጠራቀመው ብረት እስኪሞላ ሌላ ሦስት ወር ያስፈልግሻል አላት። አፈር አሁን አያምራትም። ክቡ ከቅርብ ካላዩት በቀር ጠፍቷል። ትንሿ ኩባያ ከቀንዱ ጋር በእማማ ሣጥን ውስጥ ናት። ከዓይኗ ሥር ያለው የአያቷ ማኅተም ግን እንዳለ ነው።